አያ ዋኘውና አስታ የተባለው ልጄ

በዚህ አገር ስምህን ነግረኸው «ደስ ብሎኛል» ብሎ ብቻ የሚያልፍህ ሰው ካጋጠመህ፣ ያ ሰው እንግዳ ነው። የኛ ሰው ይጠይቃል። ምን ማለት ነው? ማን አወጣልህ? ምነው እንዲህ አሉህ? በየሰፈሩ ደግሞ ጠይቆ መልሱንም ራሱ የሚመልስ አንድ ሰው አይጠፋም። የተሸከምከው ስም ምን እንደሆነ ካንተም፣ ስሙን ካወጡልህ ከእናት ከአባትህም አብልጦ ያውቃል። የናንተ ሰፈር ሰው ማን እንደሚባል አላውቅም። ከጎንደር ጃንተከል ወረድ ብሎ ያለው የኛ ሰፈር ሰው ግን ክቡር አያ ዋኘው ይባላሉ።

«ክቡር» ያልኳቸው እኔ ነኝ፤ ማንም አልሾማቸውም። ሠላሳ ሁለት ዓመት በአንድ ትምህርት ቤት መዝገብ ቤት ተቀምጠው የተማሪ ስም ሲጽፉ ኖረው ጡረታ ወጡ። ሌላው ጡረተኛ ጉልበቱን ያመዋል። እሳቸው ግን የሠላሳ ሁለት ዓመት ስም ሆዳቸው ውስጥ ተጠራቅሞ ወጡ። ክረምት ከበጋ የማይለያቸው ጥቁር ካፖርት አላቸው፤ በካፖርቱ የውስጥ ኪስ ሰማያዊ ደብተር አለ። አዲስ ስም ሲሰሙ ደብተሩን ያወጣሉ፣ መነጽራቸውን ያስተካክላሉ፣ ከዚያ «ትርጉሙ ልክ ነው፤ ሥሩ ግን ሌላ ነው» ይላሉ። ይህችን ቃል ከሰማህ የያዝከውን ጉዳይ ተወውና ተቀመጥ።

እኔንም አልማሩኝም። ሰፈሩ በገባሁ በሁለተኛው ቀን ደጃፌ ላይ አገኙኝና ስሜን ጠየቁኝ። «ህሩይ» አልኳቸው። የቄስ ልጅ ነኝና ግዕዝ ይነካካኛል፤ ደረቴን ነፋ አድርጌ የተመረጠ ማለት እንደሆነ ጨመርኩላቸው። ትርጉሙ ልክ እንደሆነ፣ ሥሩ ግን ሌላ እንደሆነ ነገሩኝ። ሥሩ አንድ ሰዓት ከሩብ ፈጀ። የገዛሁት ሥጋ በፌስታሉ ውስጥ እየተንጠባጠበ ጫማዬን አበላሸው።

ጤና ጣቢያ አብረን ተራ የጠበቅን ቀንማ የሆነውን አልረሳውም! ነርሷ ስም በጠራች ቁጥር እሳቸው ይተነትናሉ። «ይርገዱ» ስትል፣ ይርገዱ የተባለችው ሴትዮ ግፊቷን መለካቷን ትታ ቆማ ታዳምጣለች። ሌላ ሰው ይጠራል፣ እሱም ይቆማል። በመጨረሻ ነርሷ አሥራ አራት ሰው ዘላ «አያ ዋኘው ይግቡ» አለች፤ ከአሥራ አራቱ አንድም ቅር ያለው ሰው አልነበረም። ባጃጅ ላይ የተሳፈሩ ቀን ደግሞ የሹፌሩን ስም ጠየቁትና ማራኪ ልንወርድ የተሳፈርን ሰዎች አዘዞ ደረስን። አንድ ለቅሶ ላይ የሟቹን ስም ሥር ሲያስረዱ፣ አልቃሿ ራሷ «እስቲ ቆዩ፣ ይጨርሱ» ብላ ልቅሶውን አስቁማለች። ይህን በዓይኔ አይቻለሁ።

ባለሱቃችን ዐብደላ ብቻ ነው ሊገዳደራቸው የሞከረ። ልጁ ሪሃና ትባላለች። ሪሃና ማለት ሽታው ደስ የሚል ቅጠል እንደሆነ ዐብደላ ከአባቱ፣ አባቱም ከሸሆቹ የተማሩት ነው። አያ ዋኘው በትዕግሥት አዳመጡትና ስለ ቅጠሉ ተስማሙ፤ ስለ ሥሩ ግን አልተስማሙም። ከዚያ ወዲያ ዐብደላ «እሺ አያ ዋኘው» እያለ ስኳሩን መመዘን ነው። ስኳር የሚገዛው ሰው አብሮ ይማራል።

እንዲህ እንዲህ እያልን ስንኖር ልጅ ተወለደልኝ! ሸዋረጋና እኔ በተጋባን በስምንተኛው ዓመት፣ ሰው ሁሉ በዓይኑ ሲያዝንልን ቆይቶ፣ ወንድ ልጅ! ሰፈሩ በእልልታ ተደበላለቀ። እኔ ያን ቀን ምን እንደበላሁ፣ ማንን እንደሳምኩ አላውቅም። የማላውቀውን የትራፊክ ፖሊስ አቅፌ እንደነበር በኋላ ነግረውኛል። አያ ዋኘው ከሁሉ ቀድመው ደብተራቸውን ይዘው ደረሱ፤ ሕፃኑን ገና ሳያዩ «ስሙስ?» አሉ።

ስሙ ነው ጣጣ ያመጣው። ሸዋረጋ የጃናሞራ ልጅ ናት። አባቷ አያ ኪዳነ ማርያም ከመካነ ብርሃን አለፍ ብሎ ያርሳሉ። እኔን አግብታ ጎንደር ልትገባ ስትል «ከተማ አትሄጂም፣ ያን መንገድ አትሄጂም» ብለው ከለከሏት። አልሰማቻቸውም፤ ጥላቸው መጣች። ከዚያ ቀን ጀምሮ እሳቸው ጎንደር አልረገጡም፣ እሷም ወደዚያ አልወጣችም። ስምንት ዓመት። እናቷ ያረፈች ጊዜ እንኳን መንገድ ተዘግቶ ቀብር አልደረሰችም። የልጁን መወለድ ስናስነግራቸው በዘመድ ስልክ የመለሱት ይህን ብቻ ነው፤ «ስሙ አስታ ይሁን። አስታ ካላችሁት ለክርስትናው እወርዳለሁ። ካላላችሁት ደህና ሁኑ።»

አስታ ዛፍ ነው። ብርዱ ሌላውን ዛፍ ሁሉ በሚመልስበት ከፍታ ላይ የሚበቅል፣ ቅጠሉ ደቃቅ፣ ግንዱ ጠማማ ዛፍ። ለጃናሞራ ሰው ማገዶው ነው፣ አጥሩ ነው፣ የቤቱ ወጋግራ ነው። በዚህ ስም የሚጠራ ሰው ግን እኔም ሸዋረጋም ሰምተን አናውቅም። ሸዋረጋ ለልጇ ኤልናታን የሚል ስም ስልኳ ላይ ጽፋ ዘጠኝ ወር ስታየው ነበር። የአባቷን መልእክት ስትሰማ አለቀሰች። አባቷ እንዲመጡ እንደምን ትፈልጋለች! ግን በጀርባዋ እየተሸከመች ባደገችው ማገዶ ስም ልጇ እንዲጠራ፣ ትምህርት ቤት እንዲሳቅበት አልፈለገችም። ክርስትናው በአርባ ቀን ነው። እስከዚያ ወይ ስሙን መቀበል፣ ወይ አባትን መቅበር ያህል ነገር ሆነብን።

ክቡር አያ ዋኘው ይህን ሲሰሙ ፊታቸው በራ። እንዲህ ያለ ስም በሠላሳ ሁለት ዓመት መዝገብ አልገጠማቸውም! በማግሥቱ ሥሩን ይዘው መጡ፤ አስታ የሚባል የነጋሪት መቺ በአንድ ንጉሥ ዘመን ነበረ፣ ሲመታ እስከ ደምቢያ ሜዳ ይሰማ ነበር አሉ። ደስ አለኝ። በሦስተኛው ቀን ነጋሪት መቺው ቀረና ነገሩ ከግዕዝ መሆኑ ታወቀ። በአምስተኛው ቀን ከቅማንትኛ ሆነ፤ የጭልጋ ሰው የሆነ ጓደኛቸው እንዲህ ያለ ነገር ሰምቼ አላውቅም ቢላቸው ልጅ ስለሆነ ነው አሉ። ሰውዬው ስድሳ ስምንት ዓመቱ ነው። በሰባተኛው ቀን ከጣሊያን ጋር ገባ ሊሉ ጀመሩና ራሳቸውም አፍረው ተዉት። ሸዋረጋ አራቱንም በጨዋነት አዳመጠች። ከዚያ ልጁን እያጠባች፣ የነጋሪት መቺውን አላውቅም፣ አስታ ሲነድ ዓይን እንደሚያቃጥል ግን አውቃለሁ አለቻቸው። አያ ዋኘው ደብተራቸውን ዘግተው ወጡ። እንዲያ አንገታቸውን ደፍተው አይቻቸው አላውቅም።

በአሥራ አምስተኛው ቀን ከሰፈር ጠፉ። ሚስታቸው ከሞቱ ወዲህ ብቻቸውን ነው የሚኖሩት፤ በሩ ተቆልፏል፣ ስልካቸው አይሠራም። ዐብደላ ሱቁን እየዘጋ ጠዋትና ማታ ያንኳኳ ነበር። አንዱ ጸበል ሄዱ አለ፣ ሌላው ኮላ ድባ እህታቸው ጋ ናቸው አለ። ሰፈሩ ጸጥ አለ። ባጃጆች በሰዓታቸው ደረሱ፣ ስኳር ቶሎ ቶሎ ተመዘነ። ከሦስት ቀን በኋላ ጸጥታው እኔን ራሴን ይከብደኝ ጀመር፤ አንድ ያልታወቀ ስም የሰማሁ ቀንማ ለማን ልንገረው ብዬ ቆምኩ።

በስምንተኛው ቀን ተመለሱ። ከንፈራቸው ተሰነጣጥቋል፣ አፍንጫቸው ተልጧል፣ ካፖርታቸው ጭስ ጭስ ይላል፣ ያስላቸዋል። የት ነበሩ ብንላቸው ዘመድ ጠይቄ መጣሁ አሉ። በቀጥታ እኛ ቤት ገብተው ሕፃኑን ታቀፉት።  ከዚያ ለሸዋረጋ፣ «ልጄ፣ አባትሽ ያሉትን ስም አውጪለት» አሏት።

«ሥሩ ምን ሆኖ ተገኘ ታዲያ?» አልኩ። እግዜር ያሳያችሁ፣ እኔ ነኝ የጠየቅኋቸው!

«እሱን ተወው» አሉኝና ልጁን አስረክበው ወጡ።

ሸዋረጋ በሩን ዘጋች። አራት ሥር ነግረዋት አንዱንም እንዳላመነች፣ ዛሬ ምንም ሳይነግሯት ግን እንዳመነቻቸው ነገረችኝ። ቀጥላም «አባቴ ጋ ደውል። አስታ ብለነዋል በላቸው» አለችኝ። ወዲያው ደወልኩ።

በአርባኛው ቀን ልጃችን ክርስትና ተነሣ። ቄሱ የክርስትና ስሙን ኃይለ ሚካኤል አሉት፤ ጠበሉ ሲነካው የጮኸው ጩኸት አሁንም ጆሮዬ ውስጥ አለ። አያ ኪዳነ ማርያም ከዋዜማው ገብተዋል። ከልጃቸው ጋር ትከሻ ለትከሻ ተሳሳሙ፤ ከዚያ ወዲያ ቃል የለም። እሷ ውሃ ታቀርባለች፣ እሳቸው ይመርቃሉ፣ ሁለቱም መሬት መሬት ያያሉ። ስሙን ሰጥተናቸው መጡ፤ የመጡት ግን ገና ግማሽ ነበሩ። ግማሹ ጃናሞራ ቀርቷል። ሸዋረጋ ጓዳ ገብታ፣ ለዚህ ነው እንዴ የልጄን ስም የሰጠሁት ብላ ስትቆጣ ሰማኋት።

ድንኳኑ ሞላ። ዐብደላና ቤተሰቡ ራሳቸው አርደው ባዘጋጁት በኩል ተቀምጠዋል፣ እኛ በወዲህ። ሰው በልቶ ጠጥቶ ሲረጋጋ ዐብደላ ድምፁን ከፍ አደረገና፣ አርባ ቀን ጠብቀናል፣ የአስታን ሥር ይንገሩን አላቸው ለአያ ዋኘው። ድንኳኑ በሙሉ «ይንገሩን!» አለ። ክቡርነታቸው ተነሡ። መነጽራቸውን አስተካከሉ። ሰው ነገሩ ምን ያህል እንደሚዘልቅ ስለሚያውቅ ተመቻችቶ ተቀመጠ፤ እናቶች ልጆቻቸውን ወደ ውጭ ላኩ።

«የዚህን ስም ሥር እኔ አላውቅም» አሉ አያ ዋኘው። «የሚያውቁት እዚህ ተቀምጠዋል።»

ወደ አያ ኪዳነ ማርያም አመለከቱና ተቀመጡ። እንዲህ ያለ ቃል ከአፋቸው ሲወጣ የሰማ ሰው አልነበረም። ታመው ነው ብላ አንዲት ጎረቤት ውሃ አቀረበችላቸው።

ሁሉም ወደ አማቴ ዞረ። አማቴ ጋቢያቸውን ወደ ላይ ሳቡ፣ መልሰው ጣሉት።  ከዚያ ድንኳኑን ረስተው ለልጃቸው ብቻ ማውራት ጀመሩ። የሦስት ዓመት ልጅ ሳለች ነው። በግ ሊሸጡ መካነ ብርሃን ገበያ ሊወጡ ሲሉ አልቅሳ እግራቸው ላይ ተጠመጠመች። እናቷ፣ ቀኑ አላማረኝም፣ ልጅቱን ተዋት አለቻቸው። እምቢ ብለው አዝለዋት ወጡ። ሲመለሱ ከገመገሙ ላይ ጭጋግ ያዛቸው፣ ከጭጋጉ በኋላ በረዶ። መንገዱ ጠፋ። ከአንዲት አስታ ሥር ገብተው ጋቢያቸውን ቢያለብሷትም ከንፈሯ ጠቆረ፣ ማልቀሷንም ተወች። ያን ጊዜ ክብሪት አወጡ።

«አስታ ርጥቡም ይነዳል» አሉ። «አንቺን ላሙቅ ብዬ የለኮስኩት እሳት ዛፉን ያዘው። አንቺ ሞቅሽ፣ እሱ ነደደ። ዓይንሽን ስትገልጪ እሱ ጉቶ ሆኖ ነበር። በዓመቱ በዚያ ባልፍ ከጉቶው አቆጥቁጦ፣ ሸጋ ሆኖ አገኘሁት። በቤቴ ወንድ የተወለደ እንደሆን አስታ እለዋለሁ አልኩ። እግዜር አራት ሴት ሰጠኝ።»

ሰው ሊስቅ ፈለገ፤ አልሳቀም። ሸዋረጋ ሕፃኑን እንደታቀፈች ቆማለች። አማቴ የሆነውን ለእናቷ ሳይነግሯት እንዳለፈች ተናገሩ። አፍረው ነው። እምቢ ብለው የወሰዱት ልጅ በእጃቸው ልትሞት ነበር፣ ይህን ለማን ይናገሩት? ከዚያ ወዲያ ልጅቱን ከደጃፍ አላራቋትም።

«ጎንደር አትሄጂም ያልኩሽ ባልሽን ጠልቼ አይደለም» አሉ። «መንገዱን ፈርቼ ነው። ምነው ያኔ አልነገሩኝም ትይኛለሽ። አፌ እምቢ አለኝ።»

ሸዋረጋ ሕፃኑን ለእኔ ሰጥታ ሄዳ ጉልበታቸው ላይ ተደፋች። ስምንት ዓመት ያልተለቀሰ ልቅሶ አለቀሰች። እሳቸው ራሷን እየዳበሱ «ተይ፣ ተይ» ይላሉ፣ ራሳቸው ግን አልተዉም። ዐብደላ ፊቱን በጥምጥሙ ጫፍ ሸፈነ። እኔማ ልጁን ይዤ ቆሜ ስንፈቀፈቅ፣ ከሁለታችን ማን እንደሕፃን እንደሚያለቅስ መለየት አይቻልም ነበር።

አማቴ እንባቸውን ጠርገው በበትራቸው ወደ አያ ዋኘው ጠቆሙ። «ይኸን ሰው እዩት» አሉ። «በጭነት መኪና ላይ ሆኖ የቧሂትን ተራራ ተሻግሮ ደጄ ድረስ መጣ። የልጁን ስም ሥር ካልነገሩኝ አልነቃነቅም ብሎ ሁለት ቀን ተቀመጠብኝ። ነገርኩት። እኔ በአፌ እስክነግራት ድረስ ትንፍሽ እንዳትል አልኩት። ሲያወራ አይቼዋለሁና ደባርቅ ሳይደርስ ይዘረግፈዋል ብዬ ነበር። ይኸው፣ እስከ ዛሬ አልወጣውም።»

አሥራ ሰባት ቀን! የባጃጅ ሹፌር ስም ሦስት ደቂቃ መያዝ የማይችሉ ሰው፣ በዕድሜያቸው ያገኙትን ታላቁን ሥር አሥራ ሰባት ቀን ሆዳቸው ውስጥ አስረው፣ እኛ ቤት እየገቡ እየወጡ፣ እኔ እየነዘነዝኳቸው፣ ዝም! ያ የሰነጠቀ ከንፈር፣ ያ ሳል ለኛ ነበር። እኔ ሞኙ ደግሞ ጸበል ሄዱ የሚለውን ወሬ አምኜ ነበር። አጠገባቸው ሄጄ ተቀመጥኩ። ብዙ ልላቸው ፈልጌ ነበር፤ «ይብሉ እንጂ» ብቻ ወጣኝ። ይህን ሰው እወዳቸዋለሁ። ስንት ዓመት ስሸሻቸው ኖሬ ይኸው በጽሑፍ አመንኩ።

ባለፈው ሰኞ የልደት ምስክር ወረቀት ልናወጣ ቀበሌ ሄድን። አያ ዋኘው ምስክር ሆነው ነው የመጡት። መዝጋቢዋ ሰብለ ወንጌል የምትባል ልጅ ናት፤ ስሟን ስትነግረን አሁን ጀመሩ ብዬ ነበር፣ እሳቸው ግን እንደምንም ብለው አለፏት። የልጁን ስም ሰምታ ብዕሯን አቆመችና ምን ማለት እንደሆነ ጠየቀች። ወደ አያ ዋኘው ዞርኩ።

«አባቱ ይንገርሽ» አሉ።

ጀመርኩ። ገበያውን ነገርኳት፣ ጭጋጉን ነገርኳት። ልጅቱ ጠረጴዛው ላይ ዘንበል ብላ ስትሰማኝ ጊዜ ሞቅ አለኝ፤ የዶሮ እንቁላል የሚያህል በረዶ ወረደ አልኳት።

«ባቄላ» አሉ አያ ዋኘው ከጎኔ።

«ምን አሉ?»

«በረዶው ባቄላ ነው የሚያክለው። አማትህ እንዲያ ነው ያሉኝ፤ ሁለቴ ጠይቄያቸዋለሁ።» ሰማያዊውን ደብተር አውጥተው ገጹን አሳዩኝ። «በሌላው ስም ላይ እንዳሻህ ሁን። በዚህ ላይ ግን አንዲት ቃል አትጨምር።»

እስከ ደምቢያ የሚሰማ ነጋሪት መቺ የፈጠሩ ሰው! ሳቄ ቢመጣም ዓይናቸውን ሳይ ዋጥኩት። ወደ ሰብለ ወንጌል ዞሬ ታሪኩን እንደገና ከገበያው ጀመርኩላት፤ በረዶው ጋ ስደርስ ባቄላ አልኳት።